ማን በላሽ?

ሐይቅ ከተማ ልብስ ስሰፋ የኖርኩ ሰው ነኝ። የእግር መኪናዬን የምዘረጋው ከደሴ ወደ ወልድያ የሚያልፈው አውቶቡስ አቧራ በሚያለብሰው በረንዳ ላይ ነው። ትምህርት ቤት አልገባሁም። ፊደል የለየሁት በመሠረተ ትምህርት ጊዜ ነው፤ ከዚያ ወዲህ ያገኘሁትን ሁሉ አነባለሁ፤ ስኳር የተጠቀለለበትን ጋዜጣ ሳይቀር። ስለዚህ ይህ የሊቅ ጽሑፍ አይደለም። ስለ ጭራቅ ለመጻፍ ግን ሊቅ መሆን አያስፈልግም። እኛ ዘንድ በሬ የሌለው ሞልቷል፤ ጭራቅ የሌለው ግን የለም።

ሽማግሌዎቻችን ድሮ ሐይቁ ውስጥ ዘንዶ ነበረ ይላሉ። ሕዝቡ ይገብርለት ነበር፤ በኋላ አንድ መነኩሴ በጸሎት አጠፋው ይላሉ። ይህን ክርስቲያኑም ሙስሊሙም እኩል ያወራዋል። እኔ ዘንዶውን አልንቀውም። ዘንዶ ቢያንስ አድራሻ አለው። ውኃ ውስጥ ነው፤ የፈራ ሰው ከዳር መቆም ይችላል። የምንቀው ዘንዶው ከሞተ በኋላ ምትኩን ፍለጋ ጎረቤቱ ቤት የገባውን ሰው ነው።

አንድ ጊዜ ደሴ ከአሮጌ መጽሐፍ ሻጭ ሽፋኑ የተገነጠለ መጽሐፍ ገዛሁ። በጥንት ዘመን በባሕር ማዶ የነበሩ ጸሐፊዎች ከግብፅ ወዲያ ስላለው አገር ያሉትን ይተርካል። እዚያ ራስ የሌላቸው ሰዎች ይኖራሉ፤ ዓይናቸውም አፋቸውም ደረታቸው ላይ ነው ብለዋል። ከግብፅ ወዲያ ማለት እንግዲህ እኛ ነን። መኪናዬን አቁሜ ደረቴን ዳበስኩ። ያገኘሁት የሸሚዝ ቁልፍ ነው። እነዚያ ሰዎች እኛን አላዩንም፤ ያላዩትን ጭራቅ ቢያደርጉ አይደንቀኝም። የእኛ ሰው ግን ጭራቅ የሚያደርገው በየቀኑ የሚያየውን፣ ማረሻውን የሚሠራለትን ሰው ነው።

በእኛ ሰፈር፣ ወደ አርዲቦ በሚወስደው መንገድ ዳር፣ አንድ ባለ እጅ ከነቤተሰቡ ይኖር ነበር። እሱ ብረት ይቀጠቅጣል፤ ሚስቱ ሸክላ ትሠራለች። ባለ እጅ የሚባሉት ፊት ለፊት ሲሆኑ ነው። ዞር ሲሉ ስማቸው ቡዳ ነው፤ ዓይናቸው ሰው የሚበላ፣ ሲመሽ ጅብ የሚሆኑ። ይህን የሚሉት ሰዎች በዚያው ቀን በእሱ ማጭድ አጭደው፣ በእሷ ድስት የተሠራ ወጥ በልተው የዋሉ ናቸው። ቀኑን ሙሉ መዶሻ ሲያነሳ የዋለ ሰው ጅብ ሆኖ የሚዞርበትን ጉልበት ከየት እንደሚያመጣው የሚጠይቅ የለም። እኔ በጊዜ የምተኛው ስፌት ስለሚያደክመኝ ነው፤ እሱ ግን በጊዜ ቤቱን ቢዘጋ “አየኸው፣ ሊለወጥ ነው” ይባላል።

በጾምና በበዓል የማይገናኙት ሁለቱ ሃይማኖቶች በዚህ አንድ ነገር ይገናኛሉ። ሸሁም አይከለክሉ፣ ቄሱም አይገስጹ። የቀበሌያችን ሊቀመንበር ስለ እኩልነት ሲሰብክ ድምፁ እስከ ሐይቁ ይሰማል፤ ባለ እጁ ቤት ማረሻ ሊያሠራ ሄዶ ውኃ ቢሰጡት ግን “ጠጥቼ ነው የመጣሁ” ይላል።

አሁን የማወራው ነገር እንዲገባችሁ አንድ ልማዳችንን ልንገር። ቡዳ በላው የተባለ ሰው ሲታመም፣ በላው ከተባለው ሰው ልብስ በስውር ቁራጭ ይቆረጥና ፍም ላይ ይጨሳል። በሽተኛው በጢሱ ታፍኖ ሲጮኽ “ማን በላህ?” እየተባለ ይጠየቃል። ስም ይጠራል። ስሙ የተጠራው ሰው ተይዞ ይመጣና በሽተኛው ላይ እትፍ ይላል፤ ለቀቀው ማለት ነው። ግን እትፍ ያለ ሰው በገዛ ምራቁ ፈርሟል። ከዚያ በኋላ ልጁን የሚያገባለት የለም። ቅሬውም፣ ማለት ሙስሊሙና ክርስቲያኑ በአንድነት ሬሳ የሚያነሳበት ማኅበራችን፣ ያስወጣዋል። ከቅሬ የወጣ ሰው ሲሞት የሚቀብረው የለም።

የልብሱ ቁራጭ የሚፈለገው እንግዲህ እኔ ዘንድ ነው። የሰፈሩን ሁሉ ልብስ የምቆርጠው እኔ ነኝ፤ ትርፍራፊው መኪናዬ ሥር በጆንያ ይጠራቀማል። ሴቶቹ ይመጣሉ፤ ድምፃቸውን ዝቅ ያደርጋሉ።

“አያ ሰፊው፣ ከባለ እጇ ቀሚስ የተረፈ ቁራጭ አጣህ?”

“አጣሁ።”

“ትንሽም ብትሆን?”

“ትንሿንማ ለባልሽ ሱሪ ኪስ አደረግኋት።”

“አዑዙ ቢላህ!”

ይህችኛዋ ቤቷ ሄዳ የባሏን ኪስ እንደቀደደች ሰምቻለሁ። ሱሪውን መልሼ የሰፋሁት እኔ ነኝ።

ባጃጅ ወደ ከተማችን በገባ ሰሞን፣ ዝናቡ ሊያበቃ ሲል፣ የመጀመሪያ ልጄ ታመመች። ዘጠነኛ ክፍል ነበረች። ጠዋት ራሴን አመመኝ አለች፤ ተኚ ብያት ውጫሌ ገበያ ሄድኩ፤ በገበያ ቀን እዚያ ልብስ እጠግን ነበር። ከሰዓት በኋላ ስመለስ ከቤቴ በር ጢስ ይወጣል። ቤት የተቃጠለ መስሎኝ ሮጥኩ። ቤቱ አልተቃጠለም። ሴቶች ሞልተውታል፤ ልጄን ፍም ላይ አስጎንብሰው በጋቢ ከድነዋታል፤ ከፊቷ የሰፈራችን አሮጊት ተቀምጣለች። ይህችን አሮጊት አዋቂዋ ይሏታል። እኔ ታውቀዋለች የምለው ነገር ቢኖር ማስጨነቅ ነው።

“ማን በላሽ?” ትላለች አዋቂዋ።

ልጄ ታስላለች።

“ተናገር! ከየት ያዝካት? ምን ስታደርግ አገኘሃት?” አለች፤ አሁን የምታናግረው ልጄን ሳይሆን በውስጧ ገባ የተባለውን ቡዳ ነው።

“ውኃ…”

“ውኃ የለም! መጀመሪያ ስምህን! ማን ነህ?”

“አላውቅም…”

“ጨምሩበት!”

“ባለ እጇ!” አለች ልጄ። “ባለ እጇ ናት! አንሱልኝ!”

“አላሁ አክበር!” አለች አንዷ። “በስመ ሥላሴ!” አለች ሌላዋ። ልጄ አንሱልኝ ያለችው ፍሙን ነው። እነሱ የሰሙት ስሙን ነው።

ጋቢውን ገፍፌ አነሳኋት። ገላዋ ከፍም እንደወጣ ብረት ይፋጃል፤ ትንቀጠቀጣለች። ባጃጅ ጥሩልኝ አልኩ። የተንቀሳቀሰ የለም።

“ጤና ጣቢያ ልትወስዳት?” አለች አዋቂዋ። “ቡዳ የበላው ሰው መርፌ ከተወጋ ወዲያው ነው የሚሞተው! በገዛ እጅህ ልትገድላት ነው?”

ሚስቴ እግሬ ላይ ወደቀች። “የልጄ አባት፣ ዛሬን ብቻ ዝም በል። ዛሬን ብቻ አትፈላሰፍብኝ። ስሙን ተናግራለች፤ ሰው ልከናል፤ መጥታ እትፍ ትበልባት። ምራቅ ነው፣ ምን ይጎዳሃል?”

“እኔን አይጎዳኝም። እሷን ነው የሚጎዳት።”

“እሷማ…” አለችና ዓረፍተ ነገሩን አልጨረሰችም። ሚስቴ ክፉ ሴት አይደለችም። ክፉ ያልሆኑ ሰዎች ዓረፍተ ነገር የማይጨርሱት እዚህ ላይ ነው።

ባለ እጇን አመጧት። ሁለት ጎረምሶች ከኋላዋ አሉ። ጭቃው ከእጇ አልታጠበም፤ እስከ ክንዷ ድረስ ደርቋል። በሩ ላይ ቆመች፤ ልጄን አየቻት፤ ወዲያው ዓይኗን ወደ መሬት መለሰች። ታማሚን ትክ ብላ ማየት እንደማይፈቀድላት ታውቃለች።

“እትፍ በዪ!” አለች አዋቂዋ።

“እትፍ በዪና ልቀቂያት!” አሉ ሌሎቹ።

ባለ እጇ ግን የጠየቀችው እኔን ነው። “አያ ሰፊው፣ ብተፋባት ትድናለች? አንተ አንባቢ ነህ። ትድናለች ካልከኝ እተፋለሁ። እኔን እንደሆነ ሳልተፋም ጅብ ብላችሁኛል። ልጆቼ ግን…”

እሷም አልጨረሰችም። የእኔ ዓይን ፍሙ ላይ ነበር። የምድጃው ጠርዝ ላይ ሳይቃጠል የተረፈ ጨርቅ አለ። አነሳሁት። አረንጓዴ ነው፤ ቢጫ አበባ አለው።

“ይቺን ከየት አመጣችኋት?”

“ከጆንያህ” አለች ሚስቴ እያፈረች። “የባለ እጇ ቀሚስ ቁራጭ ናት። አረንጓዴ አይደለም እንዴ?”

“የባለ እጇ አረንጓዴ ልሙጥ ነው። ይቺ አበባ አላት። ይቺን ለአረፋ የሰፋኋት ለሌላ ሰው ነው።”

ለማን ብሎ የጠየቀኝ የለም። መጠየቅ አላስፈለገም። አዋቂዋ ለአረፋ ያሰፋችውን ቀሚስ ለብሳ ከምድጃው አጠገብ ተቀምጣለች። ቢጫ አበባው ጉልበቷ ላይ፣ ደረቷ ላይ፣ ክንዷ ላይ ፈክቷል። የቤቱ ሰው ሁሉ ቁራጩን አየ፤ ከዚያ ጉልበቷን አየ፤ ከዚያ መልሶ ቁራጩን አየ። አንዲት ወጣት ሳቋ አመለጣት፤ እናቷ ቆነጠጠቻት።

“ታዲያ ያጨስነው…” አለ ከጎረምሶቹ አንዱ።

“ሰይጣን ነው የለዋወጠው!” አለች አዋቂዋ።

“ሰይጣን መቀስ የለውም” አልኳት። “የቆረጥኩት እኔ ነኝ።”

ከዚያ ወደ ባለ እጇ ዞርኩ። “እህቴ፣ ምራቅሽን ዋጪው። ወደ ሸክላሽ ተመለሺ።” ከዚህ በኋላ የሚከለክለኝ አልነበረም። ሁሉም አዋቂዋን እያየ ነበር።

ባጃጁ ውስጥ ሚስቴ በአንድ ወገን፣ እኔ በሌላው ሆነን ልጄን ደገፍናት። እዚህ ላይ እውነቱን ልናገር። መንገዱ በናጠን ቁጥር ልጄ ታቃስታለች፤ እኔም፣ መጽሐፍ ያነበብኩት ሰውዬ፣ በልቤ “ብትተፋባትስ ኖሮ?” አልኩ። አንድ ጊዜ ብቻ አይደለም። አባት የሆነ ሰው ያውቀዋል። ልጁ ስትንቀጠቀጥ የሰው አእምሮ እንደ አሮጌ ስፌት ነው፤ ከተጎተተ ድሮ ከተቀደደበት ይቀደዳል። የሰፈሬን ሰው የምንቀው ከፍርሃት ነጻ ስለሆንኩ አይደለም። ፍርሃቴን የሰው አንገት ላይ ላለማሰር ስለምታገል ነው፤ እነሱ ግን አይታገሉም።

ጤና ጣቢያ ጣቷን ወግተው ደም አዩ። ወባ ነው አሉ። መድኃኒት ሰጧት፤ ውኃም ሰጧት። ውኃውን ስትጠጣ እናቷ ፊቷን በነጠላዋ ሸፈነች።

ልጄ ተነስታ ምግብ መብላት ስትጀምር በረንዳው ላይ አስቀመጥኳት። ቆጣ ያለ ፊቴን ይዣለሁ፤ ልጆቼ ይህን ፊት ያውቁታል።

“ሰው ልታስገድዪ ነበር። ለምን የእሷን ስም ጠራሽ?”

“ስለጠየቁኝ።”

“አላውቅም ማለት አይቻልም?”

“ብያለሁ። ከሰል ጨመሩ።”

“ሌላ ስም አልነበረም?”

አየችኝ። “ሌላ ስም ብጠራ ያቆሙ ነበር፣ አባ? የመምህራችንን ብል? የአንተን ብል? እሷን እንደምል እየጠበቁ ነበር። የሚጠብቁትን ስም ስጠራ ነው ፍሙን ያነሱልኝ።”

ስለ ጭራቅ ብዙ አንብቤያለሁ፤ ከዚህ በላይ የሚል አላገኘሁም። ጭራቅ የሚባለው ለካ ከዋሻም ከባሕርም አይወጣም። ጠያቂዎች እስኪረኩ ድረስ የሚጠየቅ ሰው አፍ ውስጥ ነው የሚወለደው፤ ያውም አስቀድሞ ስም ወጥቶለት።

ነገሩ በዚህ ያለቀ መስሎኝ ነበር። የሰፈሬን ሰው አላወቅሁትም። ጢሱ ውሸት ነው ብሎ ያሰበ አንድም ሰው አልተገኘም። እነሱ ያሰቡት እንዲህ ነው፦ ቁራጩ ተጨሰ፤ ልጅቷ ጮኸች፤ ቁራጩ የአዋቂዋ ነው፤ ስለዚህ የበላቻት አዋቂዋ ናት፤ ስሙን ወደ ባለ እጇ ያዞረችውም እሷው ናት። በሳምንቱ አዋቂዋ በመንገድ ስታልፍ ሴቶች በር መዝጋት ጀመሩ። ቅሬው ሊሰበሰብና ጉዳዩን ሊያይ ነው ተባለ። ከሁለቱ ሴቶች አንዷ ትወጣለች፤ ማንኛዋ የሚለው ብቻ ነው የቀረው።

አዋቂዋ ወደ በረንዳዬ መጣች። አበባውን ቀሚስ ትታ አሮጌ ለብሳለች። በርጩማ ሰጠኋት፤ አልተቀመጠችም።

“አያ ሰፊው፣ ቅሬው ፊት ተሳስቻለሁ በል።”

“ምን ተሳሳትኩ?”

“ቁራጩ የባለ እጇ ነው በል። ጨርቅ ይመሳሰላል፤ ማን ይፈርድብሃል?”

“እሷስ?”

“እሷ ለምዳዋለች።”

አንቺም ትለምጂዋለሽ ልላት ከንፈሬ ላይ ደረሰ። ግን ዕድሜዋን ሙሉ ስታሳድደው የኖረችው አውሬ ዞሮ በሯ ላይ ቆሟል። ለእሷ ማዘን አልፈለግሁም፤ ሳልፈልግ አዘንኩ። “ቁራጩ ያንቺ ነው” አልኳት። “አንቺ ግን ሰው አልበላሽም። ሁለቱንም እናገራለሁ።”

“ሁለቱን የሚሰማህ የለም” አለች። እዚህ ላይ በእርግጥም አዋቂ ነበረች።

ቅሬው ከዋርካው ሥር ተሰበሰበ። ባለ እጁና ሚስቱ ከጠርዝ ተቀምጠዋል፤ አዋቂዋ በሌላው ጠርዝ። በሁለቱም ዙሪያ ባዶ ቦታ አለ። ልጄን ይዤ ተነሳሁ። ያየሁትን ተናገርኩ፤ ልጄም የነገረችኝን ደገመችው። “አንድ ጊዜ ጨምራችሁ ብትጠይቁኝ ኖሮ የእናቴንም ስም እጠራ ነበር” አለች። ሴቶቹ ተቀየሙ፤ የእናቷ ፊት ቀላ። እኔ ግን በዚያች ቀን በልጄ ኮራሁ፤ ይህንን ለእሷ አልነገርኳትም፤ እዚህ ላይ ታነበዋለች።

የቅሬው ዳኛ ሽማግሌ ናቸው፤ ጉሮሯቸውን ጠረጉ።

“መልካም። ባለ እጇ አይደለችም። አዋቂዋም አይደለችም። ታዲያ ማን ነው?”

“ማንም።”

“ማንም ማለት ምንድን ነው ልጄ? ልጅ ታማለች፣ ጮኻለች። ያለ በላተኛ?”

“ትንኝ ናት። ወባ በትንኝ ነው የምትመጣው፤ ጤና ጣቢያ ነግረውናል።”

ዋርካው ሥር ሳቅ ሆነ። “ትንኝ! ያ ጀማዓ፣ አያ ሰፊው ትንኝ አለ!” “እንግዲያውስ ትንኟ መጥታ እትፍ ትበል!” ቄሱም ሳቁ፤ ሸሁም ሳቁ። ሳቁ እንዳያዋርደኝ ቀና ብዬ ቆምኩ። ገብቶኛል። ትንኝን ከቅሬ ማስወጣት አይቻልም። ትንኝ ቤት የላትም፤ የሚከለከል ልጅ የላትም፤ ስታልፍ በር አይዘጋባትም። በደለኛዋ ትንኝ ከሆነች ረግረጉን ማድረቅ ነው ያለው፤ ያ ደግሞ አካፋ ይዞ መውጣት ይጠይቃል። ሰውን ጅብ ለማድረግ ግን ምላስ ይበቃል።

ሳቁ ግን አንድ ጥቅም አደረገ። የሳቀ ሸንጎ መፍረድ ያቅተዋል። ሽማግሌው “በሉ፣ ለዛሬ ይደር” አሉ፤ ሁለቱም ሴቶች ከቅሬው ሳይወጡ ሰዉ ተበተነ። ባለ እጇ ከባሏ ጋር ስታልፍ አጠገቤ ቆም ብላ “አያ ሰፊው፣ አሁን እኔም አይደለሁ፣ እሷም አይደለች። ዝም ብለው የሚቀመጡ ይመስልሃል?” አለችኝ። ባሏ ጎትቶ ወሰዳት።

ዝም ብለው አልተቀመጡም። ሚስቴ ከቦኖ ውኃ ቀድታ ስትመለስ ጀሪካኑን አውርዳ ራሷን ይዛ ተቀመጠች።

“ምን አሉ?” አልኳት።

“አንተ ነህ አሉ።”

“ምን ነኝ?”

“ታውቀው የለ! የሰው ሁሉ ልብስ ቁራጭ ጆንያው ውስጥ ምን ይሠራል? ሌሊት የሚያነበው ምንድን ነው? ቁራጩ የማን እንደሆነ እንዴት ባንድ ጊዜ አወቀ? እያሉ ነው። የገዛ ልጁን በላ፣ ሲነቃበት በሁለት ምስኪን ሴቶች አሳበበ አሉ። ምስኪን ብለዋቸዋል፣ ሰማኸኝ? ባለ እጇን ምስኪን!”

“ይህማ ጥሩ ነው።”

“ምኑ ነው ጥሩ? ሄደህ አስተባብል!”

ማስተባበል ዳድቶኝ ነበር። ኩራት አለኝ፤ በሐሰት ስሜ ሲነሳ ደሜ ይፈላል። ግን እኔ ባስተባብል ወሬው ወዴት እንደሚሄድ አሰብኩ። እኔ ትከሻ አለኝ፤ መኪና አለኝ፤ ሰው ራቁቱን መሄድ ስለማይችል እኔ ዘንድ መምጣቱ አይቀርም። ባለ እጇ ሸክላዋን ተሸክማ በየደጁ ነው የምትዞረው። “አላስተባብልም” አልኳት። ሚስቴ ጀሪካኑን አንስታ ገባች። የታገሥኩት በደስታ እንዳይመስላችሁ፤ ጥርሴን ነክሼ ነው።

በዚያ ሰሞን የቀበሌው ሊቀመንበር ሱሪ ሊያሰፋ መጣ። በረንዳው ጫፍ ላይ ቆሞ ቀረ።

“ና፣ ልለካህ” አልኩት።

“እንዲያው… ሳትነካኝ በዓይንህ ብትገምተው?”

“ዓይኔንማ ነው የምትፈራው።”

አፈረና ጠጋ አለ። “አያ ሰፊው፣ እኔ እንኳ አላምንበትም። ለክፉም ለደጉም፣ ስትለካኝ ቢስሚላህ በል።”

“ቢስሚላህ” አልኩና ሜትሩን ወገቡ ላይ አዞርኩ። ከአምናው ወፍሯል። የበላው የለም።